የሙጫ ግራርን ማልማትና ሙጫውን መሰብሰብ፦ ከዘር ለቀማ እስከ ጆንያ

በቦረና ቆላ፣ በኦጋዴን፣ በደቡብ ኦሞ፣ እንዲሁም በሰሜን ምዕራብ በመተማና በቋራ አካባቢ፣ ዝናብ በሚያጥረውና አሸዋ በሚበዛበት ምድር ላይ አንድ እሾሃማ ቁጥቋጦ ይበቅላል። ግመልና ፍየል ቅጠሉን ይሻሙበታል፤ ንብ አበባውን ትቀስማለች፤ እረኛ ደግሞ በበጋ ከቅርንጫፉ ላይ የሚፈልቀውን ማር የመሰለ ጠብታ ለቅሞ ይበላል። ያ ጠብታ ሲደርቅ በዓለም ገበያ የአረብ ሙጫ ወይም ጋም አረቢክ ተብሎ የሚሸጠው ምርት ነው። በለስላሳ መጠጥ ውስጥ ጣዕም ሰጪው ዘይት ከውኃው ተለይቶ እንዳይንሳፈፍ የሚያደርገው፣ ከረሜላን የሚያለሰልሰው፣ የመድኃኒት እንክብልን የሚያጣብቀው እርሱ ሲሆን፣ በምግብ ማሸጊያ ላይ ኢ 414 በሚል መለያ ይጻፋል። የጥንት ግብፃውያንም ጥቀርሻን ከዚህ ዓይነት ሙጫ ጋር አዋሕደው ቀለም ያዘጋጁ ነበር።

የዚህን ሙጫ አብዛኛውን ክፍል ለዓለም ስታቀርብ የኖረችው ጎረቤታችን ሱዳን ናት። እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 2023 የተቀሰቀሰው ጦርነት የሙጫውን ዋና መፍለቂያ ኮርዶፋንን ክፉኛ ጎድቷል። ከዚህ በታች ስለ ቅርፊት መላጥ የሚነገረው ነገር በአመዛኙ የኮርዶፋን ገበሬዎች በትውልድ ቅብብል ያካበቱት ልማድ ስለሆነ፣ ውለታቸውን እዚሁ መጥቀስ ተገቢ ሆኖ አግኝቼዋለሁ። በእኛ ቆላ፣ በተለይም በቦረናና በሶማሌ አካባቢ፣ ሙጫው በአብዛኛው የሚለቀመው ዛፉ በነፋስ፣ በእንስሳት ወይም በነፍሳት ቆስሎ በራሱ ጊዜ ሲያወጣው ነው፤ ለቃሚዎቹም በብዛት ሴቶችና ልጆች ናቸው። ይህም ደግ ልማድ ነው። ነገር ግን ዛፉን ሳይጎዱ ምርቱን ማሳደግ የሚቻልበት መንገድ ስላለ ይህ መመሪያ ተዘጋጅቷል።

ስሙና መልኩ

ተክሉ በአማርኛ ኮንትር ይባላል፤ ይሁን እንጂ ይኸው ስም በየአካባቢው ለሌሎች እሾሃማ ቁጥቋጦዎችም ስለሚሰጥ እዚህ የሙጫ ግራር በሚለው ስም እንጠቀማለን። በሶማሊኛ አዳድ፣ በሱዳን ደግሞ ሃሻብ ይሉታል። በሳይንሳዊ ስሙ ረገድ አንባቢ ግር እንዳይለው አንድ ነገር ማወቅ አለበት፤ ለረጅም ጊዜ አካሺያ ሴኔጋል ሲባል የኖረው ተክል ዛሬ ሴኔጋሊያ ሴኔጋል ተብሎ ይመዘገባል። እ.ኤ.አ. በ2005 በቪየና የተካሄደው የዕፅዋት ሳይንስ ጉባኤ አካሺያ የሚለው ስም ለአውስትራሊያዎቹ ዝርያዎች እንዲቀር ወሰነ፤ በ2011 በሜልበርን የተሰበሰበው ጉባኤም ይህንኑ አጸና። ስለዚህ በዘር ከረጢት ላይ ከሁለቱ ስሞች አንዱን ቢያገኙ ተክሉ ያው አንድ ነው። በአዊ ዞን በፋግታ ለኮማ ገበሬዎች ለከሰል የሚያለሙት ዲከረንስ ከአውስትራሊያዎቹ ወገን ነው፤ እሾህ የለውም፣ ደጋ ይወዳል፣ ለዚህ ሥራም አይሆንም።

የሙጫ ግራር ቁመቱ ብዙ ጊዜ ከ2 እስከ 6 ሜትር ሲሆን፣ በደቡቡ ቆላ የሚገኘው ዓይነት ከሥሩ ጀምሮ ቅርንጫፍ እያወጣ ቁጥቋጦ ሆኖ ይቀራል። ከሌሎች ግራሮች የሚለየው አስተማማኝ ምልክት እሾሁ ነው። እሾሆቹ በቅጠሉ መነሻ ላይ ሦስት ሦስት ሆነው ይወጣሉ፤ ሁለቱ ወደ ላይ ሲቆለመሙ የመካከለኛው እንደ መንጠቆ ወደ ታች ይታጠፋል። ሁለት ሁለት እሾህ ብቻ ያለው ግራር ምንም ያህል ቢመስል ሌላ ነው። አበባው ነጭ ወይም ክሬም ቀለም ያለውና እንደ ጣት የረዘመ ነው፤ ክብ ኳስ የሚመስል ቢጫ አበባ ካዩ ወደ ሌላ ዛፍ ተሳስተዋል ማለት ነው። ይህን መለየት ሳይችሉ ወደ ዘር ለቀማ መግባት ከንቱ ድካም ስለሆነ፣ አንድ ሙሉ ቀን ከአካባቢው እረኛ ጋር እየዞሩ እሾሁን ማየት የሥራው መጀመሪያ ቢሆን እመክራለሁ።

ዘሩን መልቀምና ማስቀመጥ

ዘር የሚለቀመው ዝናቡ ካበቃ በኋላ፣ ቆባው ከአረንጓዴነት ወደ ገለባ ቀለም ሲለወጥና ገና ሳይፈነዳ ነው። ቆባው እንደ ወረቀት የሳሳና ጠፍጣፋ ሲሆን በውስጡ ብዙውን ጊዜ ከ3 እስከ 6 ፍሬዎች ይገኛሉ። ከፈነዳ በኋላ መሬት ላይ የወደቀውን ዘር መልቀም ቀላል ቢመስልም አብዛኛው በነቀዝ የተበሳ ይሆናል። ከአንድ ዛፍ ብቻ አይልቀሙ፤ ተራርቀው ከቆሙ ቢያንስ ከ10 እስከ 20 ከሚሆኑ ጤነኛ ዛፎች፣ በተለይም ነዋሪው ሙጫ ያፈልቃሉ ብሎ ከሚጠቁማቸው፣ እኩል እኩል ይሰብስቡ። ዛፍ ከዛፍ በሙጫ አሰጣጡ እጅግ ስለሚለያይ ይህች ጥቂት ድካም ከዓመታት በኋላ ዋጋዋን ትከፍላለች።

ቆባው በጥላ ሥር ለጥቂት ቀናት ከደረቀ በኋላ በጆንያ ውስጥ በቀስታ ተወቅቶ በሰፌድ ይበጠራል። የተበሳና የተጨማደደ ፍሬ ይወገዳል። ንጹሑ ዘር ከእንጨት አመድ ጋር ተለውሶ፣ ክዳኑ ጥብቅ በሆነ ዕቃ ውስጥ፣ ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ይቀመጣል። አንድ ኪሎ ግራም በግምት 10,000 ያህል ፍሬ ስለሚይዝ ለአንድ ቤተሰብ ማሳ እፍኝ የማይሞላ ዘር ይበቃል።

ችግኝ ማፍላት

የብዙ ግራሮች ዘር ድንጋይ የመሰለ ሽፋን ስላለው በፈላ ውኃ ይነከራል። የሙጫ ግራር ዘር ግን ሽፋኑ ስስ ነው፤ በፈላ ውኃ የነከረው ሰው ዘሩን ቀቅሎታል ማለት ነው። ለዘንድሮ ዘር የሚያስፈልገው ማታ በንጹሕ ቀዝቃዛ ውኃ ነክሮ ማሳደርና ጠዋት መዝራት ብቻ ነው። በውኃው ላይ የተንሳፈፈው ፍሬ ባዶ ስለሆነ ይደፋል።

የመዝሪያው ጊዜ የሚታወቀው ከዝናቡ ወደ ኋላ ሦስት ወይም አራት ወር በመቁጠር ነው። ክረምቱ ሰኔ ላይ በሚገባበት በመተማ ከየካቲት እስከ መጋቢት፣ ዋናው ዝናብ መጋቢት ላይ በሚጀምርበት በቦረና ደግሞ በኅዳር ወይም በታኅሣሥ መጀመሪያ ይዘራል። ተክሉ ከቅጠሉ በፊት ሥሩን ወደ ታች የሚሰድ ስለሆነ ከረጢቱ ጥልቅ፣ ቢቻል ከ25 እስከ 30 ሳንቲ ሜትር የሚደርስና ከሥሩ የተበሳ መሆን አለበት። ሁለት እጅ የአካባቢው አፈር፣ አንድ እጅ አሸዋና አንድ እጅ በደንብ የበሰለ ፍግ ተቀላቅሎ ይሞላል፤ በእያንዳንዱ ከረጢት ሁለት ፍሬ በ1 ሳንቲ ሜትር ያህል ጥልቀት ይዘራል፤ ሁለቱም ከበቀሉ ደካማው ይነቀላል። ጥሩ ዘር በአንድ ወይም በሁለት ሳምንት ውስጥ ብቅ ይላል።

ለመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ቀላል የሣር ጥላ ይሠራለታል፤ ጠዋትና ማታ በጥቂቱ ይጠጣል። ውኃ ማብዛት ከማሳነስ ይልቅ ይህን ተክል ይገድለዋል። በየሁለት ወይም በየሦስት ሳምንቱ ከረጢቱን ከመሬት ብድግ በማድረግ ወደ ታች ያለፈውን ሥር በስለት መቁረጥ ግዴታ ነው፤ ይህ ካልተደረገ ችግኙ ለተከላ በሚነሳበት ቀን ዋና ሥሩ ተበጥሶ ይቀራል። በመጨረሻው ወር ጥላው ይነሳል፣ ውኃውም ቀስ በቀስ ይቀነሳል።

ቦታ መምረጥና መትከል

በዓመት ከ300 እስከ 400 ሚሊ ሜትር የሚደርስ ዝናብ ለሙጫ ግራር የሚስማማ መጠን ሲሆን፣ ከዚያ ባነሰም በበለጠም ይኖራል። ዝናብ በበዛበት ቦታ ቅጠሉ ያምራል፣ ሙጫው ግን ያንሳል። አፈሩ አሸዋማ ወይም ጠጠራማ ሆኖ ውኃ የማያቁር መሆን አለበት፤ ክረምት ላይ ውኃ የሚተኛበት መረሬ መሬት አይሆነውም፣ ውርጭም ይገድለዋል።

ጉድጓዱ በሁሉም አቅጣጫ 40 ሳንቲ ሜትር ሆኖ ከዝናቡ በፊት ይቆፈራል። በችግኞቹ መካከል 5 ሜትር፣ በረድፍና በረድፍ መካከልም 5 ሜትር ቢተው በሄክታር 400 ዛፍ ይቆማል፤ ይህም በመካከሉ ሰሊጥ ወይም ማሽላ ለሚዘራ ገበሬ በቂ ስፍራ ይተዋል። መሬቱ ተዳፋት ከሆነ በየጉድጓዱ ታችኛ ወገን የግማሽ ጨረቃ ቅርጽ ያለው የአፈር ክትር ተሠርቶ ጎርፉ ወደ ሥሩ እንዲዞር ይደረጋል። ተከላው መሬቱ እስከ ጉድጓዱ ጥልቀት ከራሰ በኋላ፣ በደመናማ ቀን ወይም ወደ ማታ ይከናወናል፤ ከረጢቱ መቀደድ አለበት፣ የሥሩ አፈር ግን መፍረስ የለበትም።

ከዚህ በኋላ ያሉት ሁለት ዓመታት የፍየል ዓመታት ናቸው። ፍየል ለዚህ ችግኝ ከድርቅ ይልቅ የምታስፈራ ጠላት ስለሆነች ማሳው በእሾህ አጥር መከለል አለበት፤ አጥር የማይቻል ከሆነ ከጎረቤት ጋር በሽማግሌ ፊት ተነጋግሮ ግጦሹን መከልከል ያስፈልጋል። በግንዱ ዙሪያ አንድ ሜትር ያህል ከአረም ይጸዳል፤ ምስጥ በበዛበት አካባቢ ደረቅ ሣርና ጭራሮ ከሥሩ አጠገብ አይተዉ።

ቅርፊቱን መላጥ

ዛፉ አራት ወይም አምስት ዓመት ሲሞላው ለሙጫ ይደርሳል። ሙጫ የዛፉ ቁስል ማሸጊያ ነው፤ ዛፉ ሲቆስልና ሲጠማ ያወጣዋል። ስለዚህ ሠራተኛው ሁለት ነገር ብቻ በትክክል መወሰን አለበት፤ እነርሱም መቼ እንደሚያቆስልና ምን ያህል እንደሚያቆስል ናቸው።

ጊዜውን የሚናገረው ቅጠሉ ነው። በሱዳንና በሰሜን ምዕራብ ቆላችን ዝናቡ አልፎ በጥቅምት ወይም በኅዳር ቅጠሉ መገርጣትና መርገፍ ሲጀምር ሥራው ይጀመራል። በቦረና ግን ዝናቡ በዓመት ሁለት ጊዜ ስለሚመጣ ከመተማ የተቀዳ የወር ቆጠራ ያሳስታል። ቅጠሉ ገና ለምልሞ ሳለ የተላጠ ዛፍ ቁስሉን ፈጥኖ ይደፍናል፣ ሙጫም አይሰጥም፤ ሙሉ በሙሉ ደርቆ ከቆየ በኋላ የተላጠ ደግሞ የሚያወጣው ነገር አይኖረውም። ከቅጠሉ ግማሽ ያህሉ ሲገረጣ፣ ቅርፊቱም በጥፍር ሲጫኑት እርጥበቱ ሲሰማ፣ ያ ሳምንት ትክክለኛው ሳምንት ነው። በአንድ ማሳ ውስጥ እንኳ ሁሉም ዛፍ በአንድ ቀን ስለማይደርስ ሁለት ወይም ሦስት ዙር መመላለስ ይገባል።

መሣሪያው ትንሽ ስለታም ፋስ፣ ወይም ረጅም የእንጨት እጀታ ላይ የተሰካ ሹል ብረት ነው፤ ሁለተኛው ሠራተኛው በእሾሁ መካከል ሳይገባ ቆሞ እንዲሠራ ስለሚያስችልና እንጨቱን ስለማይቆርጥ ከፋሱ ይሻላል። ዕጣን የሚበጣበትን መንጋፍ ይዘው የሚመጡ ሠራተኞች አሉ። ይሁንና የዕጣን ዛፍ የሚበጣው ቅርፊቱን በትንሹ ፍቆ በማንሳት ሲሆን፣ የሙጫ ግራር ግን ቅርፊቱ እንደ ልጥ ተስቦ መገፈፍ አለበት፤ የሁለቱ እጅ አጠቃቀም አንድ አይደለም።

ሥራው እንደሚከተለው ይከናወናል። ዋናው ግንድ አይነካም። ከእጅ አንጓ የማያንስ ውፍረት ያለው ጤነኛ ቅርንጫፍ ይመረጣል። ብረቱ በጋደለ አኳኋን ቅርፊቱን ብቻ ወግቶ ከ2 እስከ 3 ሳንቲ ሜትር ስፋት ያላት ጫፍ ያነሳል፤ ከዚያም ጫፏ ተይዛ በቅርንጫፉ ርዝመት ወደ ላይም ወደ ታችም ትሳባለች። በመጀመሪያው ዓመት የተገፈፈው ቦታ ከ20 እስከ 30 ሳንቲ ሜትር ቢሆን ይበቃል፤ በኋለኞቹ ዓመታት እስከ 60 ሳንቲ ሜትር ሊደርስ ይችላል። ቅርፊቱ ተነስቶ ከሥሩ ያለው እንጨት ልስልስ ብሎ ሳይጫር ከታየ ሥራው ተሳክቷል። ብረቱ እንጨቱ ውስጥ ገብቶ ከሆነ ግን ያ ቅርንጫፍ ለነቀዝና ለመበስበስ ተጋልጧል፤ ሠራተኛው ቆም ብሎ እጁን ማቅለል አለበት። በምንም ምክንያት ቅርፊቱ በቅርንጫፉ ዙሪያ ቀለበት ሠርቶ አይላጥ፤ እንዲህ ከሆነ ከቀለበቱ በላይ ያለው ሁሉ ይደርቃል።

ለወጣት ዛፍ አንድ ወይም ሁለት ቅርንጫፍ ይበቃዋል፤ ጎልማሳው እንደ ግዝፈቱ ከሦስት እስከ አምስት ይችላል። በሚቀጥለው ዓመት የዚያው ቅርንጫፍ ጀርባ ወይም ሌላ ቅርንጫፍ ይወሰዳል፤ ያልዳነ ጠባሳ ዳግመኛ አይነካም። አንበጣ ቅጠሉን የበላበት፣ ዝናብ ጨርሶ የቀረበት ወይም ዛፉ የታመመበት ዓመት የዕረፍት ዓመት ይሁን። ገንዘብ ሲቸግር ይህን ማክበር ከባድ እንደሆነ አውቃለሁ፤ ነገር ግን በድርቅ ዓመት ያለ ልክ የተላጠ ዛፍ ሲደርቅ ማየት ከዚያ የከበደ ነው። ሠራተኞች እጅጌ ረጅም ልብስና ወፍራም ጓንት መልበስ፣ በተለይም ዓይናቸውን ከቅርንጫፉ መፈናጠር መጠበቅ አለባቸው።

መልቀም

ሙጫው ከተላጠው ስፍራ ጠርዝ ላይ በትንንሽ ጠብታዎች ይጀምርና እየተደራረበ ከዋልነት ፍሬ እስከ ዶሮ እንቁላል ወደሚያህል ድቡልቡል ያድጋል። የመጀመሪያው ለቀማ ከተላጠ ከአራት እስከ ስድስት ሳምንት በኋላ ይደርሳል፤ ከዚያ በየሁለት ሳምንቱ ገደማ፣ እስከ አራት ወይም አምስት ዙር ይለቀማል። ሞቃትና ደረቅ ነፋስ ፍሰቱን ያበረታዋል፤ ሌሊቱ በጣም በቀዘቀዘባቸው ሳምንታት ይቀንሳል፤ ያለ ወቅቱ የመጣ ዝናብ ደግሞ ያልተለቀመውን አጥቦ ይወስደዋል፣ ምክንያቱም ይህ ሙጫ በውኃ የሚሟሟ ነው። ስለዚህ ሰማዩ ከደመነ ለቀማው ለነገ አይባልም።

ሙጫው በእጅ ተጠምዝዞ ይነቀላል፤ ላዩ ደርቆ ውስጡ ገና ጥቂት የሚለጠጥ ከሆነ ሳይሰባበር ይወጣል። በቅርጫት ወይም በጨርቅ ከረጢት ይያዝ። በፕላስቲክ ፌስታል የተያዘ ሙጫ ያልበዋል፣ እርስ በርሱ ይጣበቃል፣ ይሻግታልም። መሬት የወደቀው ለብቻው ይቀመጥ፤ አንድ እፍኝ አሸዋ የነካው ሙጫ ከንጹሑ ጋር ሲቀላቀል የመላው ጆንያ ዋጋ ይወርዳል።

አንድ ዛፍ በዓመት በአማካይ 250 ግራም ያህል እንደሚሰጥ ይታሰባል፤ በዚህ ሒሳብ 400 ዛፍ ያለው አንድ ሄክታር 100 ኪሎ ግራም ይሆናል። ይሁን እንጂ ይህ አማካይ ነው፤ ምንም የማይሰጥ ዛፍ እንዳለ ሁሉ ከአንድ ኪሎ ግራም በላይ የሚሰጥም አለ።

ማድረቅ፣ መለየትና ማስቀመጥ

የተለቀመው ሙጫ ነፋስ በሚያገኘው ጥላ ሥር፣ ከመሬት ከፍ ባለ ቆጥ ላይ በተነጠፈ ንጹሕ ሸራ ወይም ሰሌን ላይ ስስ ሆኖ ይሰጣል። በቀጥታ ፀሐይ ላይ የተሰጣ ይሰነጣጠቅና ዱቄት ይበዛበታል። በዓለም አቀፍ የምግብ መለኪያ መሠረት በሙጫው ውስጥ የሚቀረው እርጥበት ከ15 በመቶ መብለጥ የለበትም፤ ገበሬው ይህን በእጁ የሚያውቀው ድቡልቡሉ በጣት ሲጫኑት የማይለጠጥ፣ ሲሰበርም ስባሪው እንደ መስተዋት የሚያብለጨልጭ ሲሆን ነው። ሙጫን ለማጽዳት በውኃ ማጠብ ፈጽሞ የተከለከለ ነው። ቅርፊትና ቅጠል በእጅ ይለቀማል፣ አቧራው በወንፊት ይነፋል።

ቀጥሎ ትልልቁና ፈዘዝ ያለ ቢጫ ቀለም ያለው አንድ ወገን፣ የተሰባበረው ሌላ ወገን፣ ቅርፊት ያልለቀቀው ሦስተኛ ወገን ተደርጎ ይለያል። እዚህ ላይ ታማኝነት ዋጋ አለው። የዋጩ ግራር ሙጫ፣ ሱዳኖች ታልሃ የሚሉት፣ ሲያዩት ይቀራረባል፤ ነገር ግን ቶሎ የሚፈረካከስና ዋጋው ዝቅ ያለ ነው። የገዢው ላቦራቶሪ ሙጫውን በውኃ አሟምቶ ልዩ ብርሃን ሲያሳልፍበት የሙጫ ግራሩ ብርሃኑን ወደ ግራ፣ የዋጩው ወደ ቀኝ ስለሚያዞረው የተቀላቀለ ጭነት አይሰወርም። በቤት ውስጥ ደግሞ ዕጣን ወይም ሌላ ዘይታማ ሙጫ እንዳልገባበት ለማረጋገጥ ጥቂቱን በብርጭቆ ውኃ ውስጥ ማሳደር ይበቃል፤ ንጹሕ የሆነው ተሟሙቶ ጥርት ያለ ፈሳሽ ሲሆን ዕጣኑ ሳይሟሟ ይቀራል።

የተለየው ሙጫ አየር በሚያስገባ የቃጫ ጆንያ ተሞልቶ፣ ከወለሉ በእንጨት ርብራብ ከፍ ብሎ፣ ከማዳበሪያ፣ ከነዳጅና ከበርበሬ ርቆ ይቀመጣል፤ ሽታ በቀላሉ ይስባልና። በየጆንያው ላይ የተለቀመበት ቀበሌና ወር ይጻፍ። በማሳው ውስጥ ደግሞ ብዙ በሰጡት ዛፎች ላይ የቀለም ምልክት ያድርጉ፤ የሚቀጥለው ዓመት ዘር ከእነርሱ ይለቀማል። ሁለት ዓመት ተላጠው ምንም ያልሰጡትን ዳግመኛ አያቁስሏቸው፤ ለንብ አበባ፣ ለግመል ቅጠል እየሰጡ ይቁሙ።